መድረኩ፣ መቀሱና በሩ፦ የፖል ሮብሰን የተዋናይነት ታሪክ

ካፌ ደጃፍ ለእራት ተሰልፈን ሳለ ክርክር ተነሣ። አንዱ ጓደኛችን «ተዋናይ ማለት የፊልም ተዋናይ ነው፤ ዓለም የሚያውቀው እሱን ነው» አለ። ሌላዋ «የለም፣ መድረክ ላይ ያልተፈተነ ተዋናይ አይባልም» ስትል ተቃወመችው። ሦስተኛው ደግሞ «ተዉት እባካችሁ፣ ቴሌቪዥን ላይ ያልታየውን ማን ያውቀዋል?» ብሎ አሳቀን። ተራችን ደርሶ ክርክሩ ተቋረጠ፤ ጥያቄው ግን እኔን አልለቀቀኝም። ስለዚህ የሦስቱንም ቤት በር ስላንኳኳ አንድ ሰው ልጽፍላችሁ ወደድሁ። ሰውየው ጥቁር አሜሪካዊው ፖል ሮብሰን ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሮብሰን በ1898 ኒው ጀርሲ ውስጥ ፕሪንስተን በምትባል ከተማ ተወለደ። አባቱ በባርነት ተወልደው በልጅነታቸው ከጌታቸው አምልጠው የወጡ፣ በኋላም ፓስተር የሆኑ ሰው ነበሩ። እናቱ በ1904 በእሳት አደጋ ሞቱበት። ልጁ በትምህርቱ ጎበዝ ስለነበር ነጻ የትምህርት ዕድል አግኝቶ ራትገርስ ኮሌጅ ገባ፤ በዚያም በአሜሪካኖቹ የእግር ኳስ ዓይነት በ1917ና በ1918 ከአገሪቱ ምርጥ ተጫዋቾች ዝርዝር ውስጥ ስሙ ተጻፈ። ቀጥሎ ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ሕግ አጠና። ተመርቆ አንድ የጠበቆች ቢሮ ሲቀጠር ግን ነጭዋ ጸሐፊ ጥቁር ሰው የሚላትን አልጽፍም አለች። ሮብሰን ወረቀቱን አስቀምጦ ወጣ። ሕግ ያጣውን ሰው ቲያትር አገኘው ማለት ነው።

እንግዲህ ከመድረኩ እንጀምር። በ1924 ኒው ዮርክ ውስጥ በአንድ ትንሽ ቲያትር ቤት የዩጂን ኦኒልን ድርሰት ሲሠራ፣ ጥቁር ባልና ነጭ ሚስት አብረው መታየታቸው ከተማውን አስቆጣ። የከንቲባው ጽሕፈት ቤት ቲያትሩን በቀጥታ ማገድ ሲያቅተው፣ በመጀመሪያው ትዕይንት ላይ የሚጫወቱትን ሕፃናት ፈቃድ ከለከለ። አዘጋጁ ምን አደረገ? መድረክ ላይ ወጥቶ ያንን ትዕይንት ለተመልካቹ በንባብ አሰማና ቲያትሩ ቀጠለ። ይቺን ነገር ልብ በሉልኝ። በመድረክ ላይም ጉልበተኛ አለ፤ ነገር ግን መጋረጃው አንዴ ከተከፈተ በተዋናዩና በተመልካቹ መካከል የሚገባ ሰው የለም።

ሮብሰን ስሙን የተከለበት ሥራ ኦቴሎ ነው። እኛ በጸጋዬ ገብረ መድኅን የአማርኛ ትርጉም የምናውቀውን ኦቴሎ፣ ያንን ጥቁር ጦር አዛዥ፣ በእንግሊዝና በአሜሪካ መድረክ ለረጅም ዘመን ሲጫወቱት የኖሩት ፊታቸውን ቀለም የተቀቡ ነጮች ነበሩ። በ19ኛው መቶ ዘመን አይራ ኦልድሪጅ የተባለ ጥቁር አሜሪካዊ በአገሩ መድረክ ሲነፈገው አውሮፓ ተሰዶ ኦቴሎን ተጫውቷል። ሮብሰን በ1930 ለንደን በሳቮይ ቲያትር ኦቴሎን ሲጫወት የንግግር ሥልጠና የሰጠችው የዚሁ ሰው ልጅ አማንዳ ኦልድሪጅ ናት። ያን ጊዜ ዴዝዴሞና ሆና የተጫወተችው ፔጊ አሽክሮፍት ነበረች። ሮብሰን ነጭ ሴት በመድረክ ላይ ለመንካት ምን ያህል ይፈራ እንደነበር በኋላ ራሱ ተናግሯል። ያ ሁሉ ግዙፍ ሰውነት፣ ያ ሁሉ ድምፅ ይዞ፣ ያደገበት አገር ሕግና ልማድ እጁን ይይዘው ነበር።

ከ13 ዓመት በኋላ ነገሩ ተለወጠ። በጥቅምት 1943 በብሮድዌይ ሹበርት ቲያትር ኦቴሎ ተከፈተ። አዘጋጅዋ ማርጋሬት ዌብስተር፣ ኢያጎ ሆኖ ሆሴ ፌረር፣ ዴዝዴሞና ሆና ዩታ ሄገን ነበሩ። ብሮድዌይ ላይ በነጭ ተዋንያን መካከል ኦቴሎን የሠራ ጥቁር ከዚያ በፊት አልነበረም። ቲያትሩ 296 ጊዜ ታየ፤ ለሼክስፒር ድርሰት በብሮድዌይ ታይቶ የማይታወቅ ቁጥር ነው። ከዚያም በየከተማው ሲዞር፣ ጥቁርና ነጭ ተመልካች ለይቶ በሚያስቀምጥ አዳራሽ አልጫወትም አለ። ይህን ለማለት የቻለው መድረኩ የሱ ስለነበረ ነው። እሱ ካልወጣ ቲያትር የለማ!

ወደ ፊልም እንሻገር። የመጀመሪያ ፊልሙ በ1925 ኦስካር ሚሾ የሠራው ሲሆን ድምፅ አልባ ነበር፤ በድምፁ ዓለምን የሚያስደንቅ ሰው በዝምታ ጀመረ። በ1933 «ንጉሠ ነገሥት ጆንስ» ሲሠራ መቀሱን ቀመሰው። ጥቁሩ እስረኛ ነጩን ዘበኛ የሚመታበት ትዕይንት ከፊልሙ ወጣ። አብራው የምትሠራው ፍሬዲ ዋሽንግተን ቆዳዋ ፈካ ያለ በመሆኑ ተመልካች ነጭ እንዳይመስላት ፊቷን ጠቆር የሚያደርግ ቀለም ተቀባች።

ከሁሉ የመረረው ግን በ1935 የወጣው «ሳንደርስ ኦፍ ዘ ሪቨር» ነው። አዘጋጁ ዞልታን ኮርዳ አፍሪካ ሄዶ ጭፈራና ሥነ ሥርዓት ቀርጾ ስለመጣ፣ ሮብሰን የአፍሪካን ባህል በክብር የሚያሳይ ፊልም መስሎት ተስማማ። በዚያ ፊልም ውስጥ ከአጃቢዎቹ አንዱ ያን ጊዜ ለንደን ይኖር የነበረው ጆሞ ኬንያታ መሆኑን ስንቶቻችን እናውቃለን? ፊልሙ ተቀነባብሮ ሲያልቅ ግን የእንግሊዝን ቅኝ ገዥዎች የሚያሞግስ ሆኖ ተገኘ። ሮብሰን የነጩ ሹም ታማኝ አሽከር ሆኖ ታየ። ያውም ጣሊያን አገራችንን በወረረበት በዚያው ዓመት! ሰውየው በኋላ ፊልሙን ክዶታል፤ ሆኖም ፊቱን አስቀርጾ ከወጣ በኋላ ምን ሥልጣን አለው? መቀሱ በሌላ ሰው እጅ ነው።

ትምህርቱን ግን ወስዷል። በ1936 ለወጣው «የነጻነት መዝሙር» ሲዋዋል፣ የመጨረሻውን ቅንብር አይቶ ካላጸደቀው እንዳይወጣ የሚል አንቀጽ አስገባ። የሕግ ትምህርቱ እዚህ ላይ ሳይጠቅመው አልቀረም። በ1940 በ«ፕራውድ ቫሊ» ከዌልስ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪዎች ጋር የሚኖር ሠራተኛ ሆኖ ተጫወተ፤ ይህን ይወደው ነበር። በ1942 «ቴልስ ኦፍ ማንሃተን» ላይ የጥቁሮች አቀራረብ ሲያሳፍረው ግን ለሆሊውድ በቃኝ አለ።

ቴሌቪዥንስ? ቴሌቪዥን በየቤቱ መግባት ሲጀምር ሮብሰን የአሜሪካ መንግሥት ዓይን የጣለበት ሰው ሆኖ ነበር። በዘር መድልዎ ላይ ይናገራል፤ ለሶቪየት ኅብረት ያለውን ወዳጅነት አይደብቅም። በመጋቢት 1950 ኤን ቢ ሲ በወይዘሮ ኤሊኖር ሩዝቬልት የውይይት ፕሮግራም ላይ እንደሚቀርብ ተነገረ። ተቃውሞ ሲጎርፍ ኩባንያው ወዲያው ሰረዘው። ፊልም ቤት መቀስ ነበር፤ እዚህ ግን ገና ከበሩ ነው የተመለሰው። በዚያው ዓመት ፓስፖርቱን ተነጠቀ። አዳራሾች ተዘጉበት፤ በዓመት ከመቶ ሺህ ዶላር በላይ ያገኝ የነበረ ሰው ገቢው ወደ ጥቂት ሺህ ወረደ። የኳስ ተጫዋችነቱ እንኳ ከምርጦቹ ዝርዝር ላይ ተፋቀ። ቢሆንም በ1952 በካናዳ ድንበር ላይ ቆሞ ለወዲያኛው ማዶ ሕዝብ ዘፈነ፤ በ1957 በአትላንቲክ ውቅያኖስ ሥር በተዘረጋው የስልክ ገመድ ለንደን ለተሰበሰበ ሕዝብ ድምፁን ላከ።

አንድ ነገር ሳልል ባልፍ ሐሰት ይሆንብኛል። ሮብሰን የአገሩን ግፍ በድፍረት ሲናገር የስታሊንን ግፍ በአደባባይ አላወገዘም፤ በ1953 ስታሊን ሲሞትም አሞግሶ ጽፏል። ለሌላው የሚከፈት አፍ ለወዳጅ ሲዘጋ ያሳዝናል። ይህ ግን የተነጠቀውን መብት ትክክለኛ አያደርገውም።

ፓስፖርቱ በ1958 ተመለሰለት። በተከታዩ ዓመት በሼክስፒር የትውልድ ከተማ፣ በስትራትፎርድ፣ በስልሳ አንደኛ ዓመቱ ኦቴሎን ለመጨረሻ ጊዜ ተጫወተ። ከዚያ በኋላ ሕመም ጸንቶበት ከሕዝብ ዓይን ርቆ ኖረ። ጥር 23 ቀን 1976 ፊላደልፊያ ውስጥ አረፈ።

አሁን ወደ ካፌው ክርክር ልመለስ። የ1943ቱ ኦቴሎ ሲደነቅ ኖሯል፤ ዛሬ ግን ከሱ የቀረን በሸክላ የተቀዳው ድምፅ ብቻ ነው። «ሳንደርስ ኦፍ ዘ ሪቨር» ግን ሙሉ በሙሉ አለ፤ የፈለገ ሰው ዛሬ ማታ ሊያየው ይችላል። የኮራበት ጠፋ፣ ያፈረበት ቀረ። መድረክ የተዋናዩን ክብር ይጠብቃል፤ መታሰቢያውን ግን አይጠብቅም። ፊልም መታሰቢያውን ያኖራል፤ ክብሩን ግን ለመቀሱ ባለቤት አሳልፎ ይሰጣል። ስለዚህ ወንድሞቼና እኅቶቼ፣ የቱ ይበልጣል ከማለታችን በፊት መቀሱን ማን ይዞታል፣ በሩ ላይስ ማን ቆሟል ብለን እንጠይቅ። ከመካከላችን ነገ ፊቱን ለካሜራ የሚሰጥ ካለም፣ ከመፈረሙ በፊት የሮብሰንን አንቀጽ ያስታውስ።