የራት ብስኩት፦ እርሾ የማይጠብቅ ትንሽ ዳቦ ለየካ ደጋ

አሜሪካ ኖሮ የተመለሰ ዘመድ «እዚያ ዶሮ የምንበላው በብስኩት ነበር» ቢል ሰሚው ግር ይለዋል። አዲስ አበባ ውስጥ ብስኩት ማለት ከሱቅ በፓኬት የሚገዛ፣ ሻይ ውስጥ ተነክሮ የሚበላ ጣፋጭ ነው፤ ከዶሮ ጋር ምን አገናኘው? ሰውየው ግን አልተሳሳተም። የአሜሪካ ደቡባዊ ግዛቶች ሰዎች «ብስኩት» የሚሉት ስኳር የሌለው፣ ክብ፣ ከመዳፍ ያነሰ ትንሽ ዳቦ ነው። ውጩ ቡናማ ቅርፊት ይዞ ውስጡ ለስላሳ ነው፤ በእጅ ሲከፈት በንብርብር ይላቀቃል። ቁርስ ላይም ራት ላይም ትኩሱን ይቀርባል። እንግሊዞች የቅርብ ዘመዱን «ስኮን» ብለው ይጠሩታል፤ ብስኩት የሚሉት እንደኛው ደረቁን ነው።

ይህን ምግብ በአማርኛ ምን እንበለው? ቂጣ እንዳንለው ቂጣ አይነፋም፤ ይኼኛው በምድጃ ውስጥ ቁመቱን እጥፍ ያደርጋል። ዳቦ ብንለው ደግሞ አድማጭ ወዲያው እርሾና ሲቦካ ያደረ ሊጥ ያስባል። በመጠኑ ሙልሙልን ይመስላል፤ ሙልሙል ግን በቡሄ ሆያ ሆዬ ለሚሉ ልጆች የሚሰጥ ስለሆነ ስሙን ከበዓሉ ነጥቆ ለሌላ መስጠት ደስ አይልም። «ጨው ብስኩት» የሚለውንም ሞክሬዋለሁ፤ ሰው ሲሰማው የሚያስበው ስሱንና ደረቁን፣ ሲነከስ የሚሰበረውን ነው። ለዚህ ጽሑፍ የመረጥኩት «የራት ብስኩት» የሚለውን ነው። መቼ እንደሚበላ ይናገራል፣ ከወጥና ከሾርባ ጋር እንጂ ከሻይ ጋር እንዳልሆነ ያስታውቃል፣ ስኳር እንደሌለበትም ሳይነገር ያስገምታል።

እንግዲህ ትርጉሙ በአጭሩ ይህ ነው፦ የራት ብስኩት ማለት ዱቄት፣ ቀዝቃዛ ቅቤና ጎምዘዝ ያለ የወተት ተዋጽኦ ተደባልቆ፣ በእርሾ ፋንታ በቤኪንግ ፓውደር ተነስቶ፣ በኃይለኛ እሳት በሩብ ሰዓት ውስጥ የሚጋገር ትንሽ ዳቦ ነው።

ቤኪንግ ፓውደር በውስጡ ሦስት ነገር አለው፤ ሶዳ፣ በዱቄት መልክ የተዘጋጀ አሲድ፣ እና ሁለቱ ቆርቆሮው ውስጥ እያሉ እርጥበት አግኝተው እንዳይገናኙ የሚጠብቅ ስታርች። ፈሳሽ ሲነካቸው ሶዳውና አሲዱ ይገናኙና ካርቦን ዳይኦክሳይድ ጋዝ ይወጣል፤ ሊጡን የሚነፋው ያ ጋዝ ነው። እንግሊዛዊው መድኃኒት ቀማሚ አልፍሬድ በርድ እ.ኤ.አ. በ1843 የራሱን ቤኪንግ ፓውደር የሠራው ሚስቱ እርሾ ስለማይስማማት ነበር። እርሾ ሕይወት ያለው ነገር ነው፤ ሙቀት ይፈልጋል፣ ጊዜ ይፈልጋል። በሐምሌ ከእንጦጦ ግርጌ ባለ ቤት ውስጥ የተቦካ ሊጥ ጋቢ ተደርቦለት እንኳ አልነሳም ብሎ ሲያስቸግር የማያውቅ የለም። ቤኪንግ ፓውደር ግን እንደ እርሾ ብርድ አያሳንፈውም። ከሥራ ወጥቶ መገናኛ የታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሞ፣ ኮተቤ ወይም ፈረንሳይ ለጋሲዮን ሲደርስ የመሸበት ሰው ዱቄቱን ካወጣ በኋላ አርባ ደቂቃ ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ገበታ ላይ ሊያቀርበው ይችላል።

ብርዱ ባያሳስብም ከፍታው ግን ያሳስባል። በመጽሐፍ ወይም በቪዲዮ የምናገኘው አሠራር አብዛኛው የተዘጋጀው በባሕር ጠለል አቅራቢያ ለሚኖር ሰው ነው። መገናኛ አካባቢ ከፍታው 2,400 ሜትር ገደማ ነው፤ ወደ እንጦጦ ሲወጣ ጫፉ 3,000 ሜትርን ያልፋል። 2,400 ሜትር ላይ የአየር ግፊቱ በባሕር ጠለል ካለው ሦስት አራተኛው ያህል ብቻ ነው። የሚጫነው አየር ሲቀል ያው መጠን ያለው ጋዝ ሲሶ ያህል ጨምሮ ይሰፋል። 3,000 ሜትር ላይ ደግሞ ጭማሪው ግማሽ ወደ መሆን ይጠጋል። ስለዚህ በመመሪያው መሠረት አንድ የሾርባ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር የጨመረ ሰው ብስኩቱ በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ቶሎ ተነፍቶ፣ ውስጡ ሳይጸና መሐሉ ሰምጦ ያገኘዋል። ጥፋቱ የእጁ ወይም የምድጃው ሳይሆን የማንኪያው ነው።

ሁለተኛው ጣጣ ውሃ ነው። ከፍታ ላይ ውሃ ቶሎ ይፈላል፤ መገናኛ 92 ዲግሪ አካባቢ፣ እንጦጦ አናት ላይ 90 ዲግሪ ገደማ። የሊጡ ውስጥ እርጥብ እስከሆነ ድረስ ሙቀቱ ከዚያ አያልፍም፤ ስለዚህ ውስጡ እስኪበስል ይዘገያል። በዚያ ላይ የበጋ አየራችን ደረቅ ስለሆነ ዱቄቱም ውሃ ይጠማዋል፣ እርጥበቱም ከምድጃው ቶሎ ይተናል። መፍትሔው ከባድ አይደለም። ቤኪንግ ፓውደሩን ከሩብ እስከ ሲሶ መቀነስ፣ ፈሳሹን ሁለት የሾርባ ማንኪያ ያህል መጨመር፣ የምድጃውንም ሙቀት አሥር ዲግሪ ያህል ከፍ ማድረግ ነው። እንጦጦ ማርያም አካባቢ የሚኖር ሰው ቅነሳውን ወደ ሲሶው ቢያስጠጋው ይሻላል።

ዕቃውን ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ ሾላ ገበያ ይበቃል። አሜሪካኖቹ «ምርጡ ብስኩት በእርሱ ይሠራል» ብለው የሚያሞግሱት ፈሳሽ፣ በባህላዊው አሠራር፣ ቅቤ ከተናጠ በኋላ የሚቀረው ጎምዛዛ ወተት ነው። ይህ በእኛ ቤት ከጥንት ጀምሮ ያለው አሬራ ነው! እኛ ባብዛኛው አሙቀን አይብ እናወጣበታለን። የራት ብስኩት ውስጥ ሲገባ ግን ሁለት ሥራ ይሠራል፤ ኮምጣጣነቱ ከሶዳው ጋር ተጋጥሞ ጋዝ ያወጣል፣ ሊጡንም ያለሰልሰዋል። ከእንጦጦ ጀርባ ያለው ሱሉልታ የወተት አገር ነው። ሾላም ቢሆን ለወተት እንግዳ አይደለም፤ ዩኒሴፍ እ.ኤ.አ. በ1960 የሙከራ የወተት ማቀነባበሪያ ያቋቋመው ያኔ የከተማው ዳር በነበረው በዚሁ በሾላ ነው። አሬራ ካልተገኘ እርጎን በትንሽ ውሃ አቅጥኖ መጠቀም ይቻላል።

ቅቤው ለጋ መሆን አለበት። መካከለኛውና በሳሉ ለወጥ ጥሩ ናቸው፤ እዚህ ግን ሽታቸው ሌላውን ሁሉ ይውጠዋል። የተነጠረ ቅቤም አይሆንም። በቅመም ተነጥሮ የቀለጠ ቅቤ ምንም ያህል ቢጣፍጥ ዱቄቱ ውስጥ ይሟሟል እንጂ ንብርብር አይሠራም። ንብርብሩ የሚመጣው ጠጣር የቅቤ ፍርፋሪ ዱቄቱ መሐል እንዳለ እሳት ሲያገኘው ነው፤ ቅቤው ይቀልጣል፣ በውስጡ ያለው ውሃ በእንፋሎት ይወጣል፣ በቦታው ክፍት ይቀራል። በዚህ በኩል ደጋው ይክሰናል። ቆላ ያለ ሰው ቅቤው እንዳይቀልጥበት ከፍሪጅ ጋር ሲሯሯጥ፣ የካ ላይ ማታ መስኮት ዳር የተቀመጠ ቅቤ ራሱን ችሎ ጠጣር ነው።

ዱቄቱ ተራው የፉርኖ ዱቄት ነው። ለብስኩት የሚመከረው ሊጡ ብዙ የማይለጠጥ ለስላሳ ዱቄት ነው፤ የእኛው አንዳንዴ ይጠነክራል። እኔ ሩቡን በገብስ ዱቄት እተካለሁ። የገብስ ሊጥ እንደ ስንዴ አይለጠጥም፤ ስለዚህ ብስኩቱ አፍ ውስጥ ይፈረፈራል፣ የቆሎ ቤት ሽታም ያመጣል። ከሩብ በላይ ከሆነ ግን ይከብዳል።

መጠኑ እንዲህ ነው። 250 ግራም ዱቄት፣ ሁለት የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ የሻይ ማንኪያ ሩብ ቤኪንግ ሶዳ፣ ሦስት አራተኛ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 70 ግራም ለጋ ቅቤ፣ 200 ሚሊ ሊትር ገደማ አሬራ። ይህ ለአዲስ አበባ ከፍታ የተስተካከለ ስለሆነ እንደገና አይቀነስም። ከደረቁ ነገር ጋር አንድ የሾርባ ማንኪያ የተፈጨ ደረቅ ጦስኝ ቢገባ ራቱ ከመቅረቡ በፊት ቤቱን ያውደዋል። ጦስኝ የሌለው በጥብስ ቅጠል ወይም በትንሽ ጥቁር አዝሙድ ይተካዋል። ሁሉንም አንድ ላይ ማድረግ ግን ጥሩ አይደለም።

መጀመሪያ ምድጃው 230 ዲግሪ እንዲግል ይለኮሳል። ደረቁ ነገር ይደባለቃል። ቅቤው በትንንሹ ተቆርጦ ዱቄቱ ውስጥ ይገባና በጣት ጫፍ ይታሻል፤ በመዳፍ አይደለም፣ መዳፍ ይሞቃል። ጣቶቹ ቅቤውን ጨፍለቅ አድርገው ወደ ዱቄቱ ይለቁታል፣ ያነሳሉ፣ እንደገና ይለቃሉ። ገሚሱ እንደ ሽርክት ሲሆንና አንዳንዱ ገና የአተር ክክ ሲያህል ይቆማል። እዚህ ላይ ነው ዳቦ የለመደ እጅ የሚያስቸግረው፤ እስኪጠፋ ማሸት፣ እስኪለጠጥ መለወስ ያምረዋል። አሬራው ከተጨመረ በኋላ ሊጡ ዱቄቱን እስኪሰበስብ ብቻ ይገላበጣል። ሲታይ የተዝረከረከ፣ እጅ ላይ የሚጣበቅ ቢመስል ትክክል ነው።

ዱቄት በተነሰነሰበት ገበታ ላይ በእጅ ይዳመጣል፣ ሦስት ጊዜ ይታጠፋል፣ ሁለት ጣት ያህል ውፍረት እንዲኖረው ተደርጎ ይተዋል። ጠርዙ ስለታም በሆነ ነገር ይቆረጣል፤ ሁለቱም በኩል የተከፈተ የቲማቲም ድልህ ጣሳ ከብርጭቆ ይሻላል። ቀጥ አድርጎ መጫን ነው፤ ጣሳውን ማዞር የብስኩቱን ጎን ስለሚደፍነው እንዳይነሳ ያደርገዋል። ስምንት ወይም ዘጠኝ ይወጣዋል። እርስ በርስ ተነካክተው ትሪ ላይ ከተቀመጡ ወደ ጎን ከመዘርጋት ይልቅ ወደ ላይ ይነሳሉ። ከ14 እስከ 17 ደቂቃ ይበቃል።

ምድጃ የሌለው ቤት በምጣድ ይጋግራል። እንጀራ ተጋግሮ ካለቀ በኋላ የኤሌክትሪክ ምጣዱ ሸክላ ረዘም ላለ ጊዜ ሙቀቱን ይይዛል። ያን ጊዜ ብስኩቶቹን በትንሹ ሳሳ አድርጎ መደርደር፣ አክንባሎውን መክደን፣ ሥራቸው ሲቀላ አንዴ መገልበጥ ነው። ሙቀቱ ከታች ብቻ ስለሚመጣ አናታቸው እንደ ምድጃው አይነፋም፤ ጠፍጠፍ ይላሉ፣ ግን በሁለቱም በኩል ቅርፊት ያወጣሉ። ለእኔ ይህኛው ይበልጥ ይጣፍጠኛል፤ ብዙ ሰው ግን ለዓይን የመጀመሪያውን ይመርጣል። የእንጦጦን የባህር ዛፍ ቅጠልና ጭራሮ የሚያነድ ቤትም ሊሠራው ይችላል። ቅጠል ቦግ ብሎ ቶሎ የሚከስም እሳት ስለሆነ ለድፎ ዳቦ ረጅም መጋገር አይመችም፤ ለሩብ ሰዓት ግን ይደርሳል።

ከምን ጋር ይበላል? ከሽሮ ጋር አይሄድም፤ ሽሮ እንጀራዋን አታስነካም። የራት ብስኩት የሚያምርበት ከፈሳሽ ጋር ነው፤ የአጥንት ሾርባ፣ ቅቅል፣ የምስር ሾርባ፣ ቀጠን ያለ የአትክልት ወጥ። ለሁለት ተከፍቶ ግማሹ መረቁን ይጠጣል፣ ግማሹ ሥጋውን ይይዛል። አይብ በሚጥሚጣ መሐሉ ላይ የተቀባ እንደሆነ ሾርባም ላያስፈልገው ይችላል። ትኩሱን መበላት አለበት፤ አንድ ሰዓት ካለፈው ግማሽ ሞገሱን ያጣል። እንግዳ ከተጠራ ቆርጠው ሳይጋግሩ ፍሪጅ ውስጥ ማቆየትና ሰው እጁን ሲታጠብ ምድጃ መክተት ይሻላል።

የቀረው የጾም ነገር ነው። ረቡዕና ዓርብ፣ ከዚያም የሁዳዴ 55 ቀናት ሲመጡ ቅቤውም አሬራውም ይወጣል። በቅቤው ፋንታ አምስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ በአሬራው ፋንታ የአንድ ሎሚ ጭማቂ የተጨመረበት 160 ሚሊ ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ ይገባል፤ ሶዳውን የሚያስነሳው አሁን ሎሚው ነው። ንብርብሩ አይኖርም፣ ምክንያቱም ዘይት ጠጣር ፍርፋሪ አይሠራም፤ የሚወጣው ፍርፍር የሚል፣ ለምስር ሾርባ የሚስማማ ብስኩት ነው። ሎሚ ከጠፋ አንድ የሾርባ ማንኪያ አቼቶ ይተካዋል።