ሜሮን ጌትነት፦ በ«ድፍረት» ፊልም ጠበቃዋን የተጫወተችው ተዋናይት

ሜሮን ጌትነት ኢትዮጵያዊት ተዋናይትና ገጣሚ ናት። የአገር ውስጥ ተመልካች በይበልጥ የሚያውቃት «ዳና» በተሰኘው ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ሲሆን፣ በውጭ አገር ስሟን ያስጠራው ግን «ድፍረት» የተባለው ፊልም ነው።

በዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ ተጽፎ የተዘጋጀው ይህ የአማርኛ ፊልም በ1980ዎቹ መጨረሻ በአርሲ በተፈጸመ እውነተኛ ድርጊት ላይ የተመሠረተ ነው። ከትምህርት ቤት ስትመለስ ለጋብቻ የተጠለፈች የ14 ዓመት ታዳጊ ጠላፊዋን በጥይት ገድላ ለፍርድ ትቀርባለች። ታዳጊዋን ሂሩትን ትዝታ ሃገሬ ስትጫወት፣ ሜሮን የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርን ከመሠረቱት አንዷ የሆኑትን ወይዘሮ መዓዛ አሸናፊን ወክላለች። ወይዘሮ መዓዛ በ2011 ዓ.ም. የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት ሆነው ተሹመዋል። የፊልሙ ርእስ ጀግንነትንም መደፈርንም በአንድ ቃል ያስታውሳል።

ፊልሙ በ2006 ዓ.ም. በአሜሪካው የሰንዳንስና በጀርመኑ የበርሊን የፊልም በዓላት የተመልካቾች ሽልማት አግኝቷል። በዚያው ዓመት ነሐሴ ወር በአዲስ አበባ ሊመረቅ ሲል ግን በፍርድ ቤት ትእዛዝ ታገደ። አቤቱታ አቅራቢዋ ታሪኳ ያለ ፈቃዷ ጥቅም ላይ እንደዋለ የገለጸችው ባለታሪኳ ራሷ ነበረች። እገዳው በኋላ ተነሥቷል።

ፊልሙ ያነሣው ጉዳይ በወልድያ፣ በመርሳም ሆነ በሐብሩ የገጠር ቀበሌዎች ለሚኖር ወላጅ ሩቅ አይደለም። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊው የጠለፋትን ካገባ ከክስ ነጻ ያወጣው ነበር። ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሠራው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 587 ይህን ሽሮታል። ለጋብቻ ብሎ ሴትን መጥለፍ ከ3 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል፤ ጠለፋው ከአስገድዶ መድፈር ጋር ከተፈጸመም ለዚሁ ወንጀል የተደነገገው ቅጣት ይፈጸምበታል። ከጠለፋው በኋላ የተደረገ ጋብቻ ጠላፊውን ከተጠያቂነት አያድነውም። ስለዚህ በሽምግልና የሚደረግ እርቅ ቤተሰብን ቢያስታርቅም፣ ወንጀሉን አይሰርዘውም።