ባሮን ሽቅብ የወጣ ክርስትና

በ1999 ዓ.ም. የተካሄደው የሕዝብና ቤት ቆጠራ ከጋምቤላ ክልል ነዋሪ ከመቶ 70ው ፕሮቴስታንት፣ 17 ያህሉ የኦርቶዶክስ ተዋሕዶ እምነት ተከታይ መሆኑን መዘገበ። በዚያው ቆጠራ በመላ አገሪቱ የፕሮቴስታንቱ ድርሻ 18.6 ከመቶ ነበር። ከክልሎች ሁሉ በዚህ ጋምቤላን የሚያህል አልተገኘም። ከደጋው ከተማ ጎሬ ላይ ቆሞ ቁልቁል ወደ ቆላው ለሚመለከት ሰው ነገሩ እንግዳ ነው። ክርስትና አክሱም ቤተ መንግሥት ከገባ ከ1600 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ከደጋው ወደ ባሮ ዳርቻ የወረደው ግን እምብዛም ነበር። የጋምቤላ ክርስትና የገባው በጓሮ በር ነው። ከአሜሪካ ተነሥቶ፣ በግብፅና በሱዳን ዞሮ፣ ነጭ ዓባይንና ሶባትን ተከትሎ ባሮን ሽቅብ ወጣ።

በሩን የከፈተው ቡና ነው። ዳግማዊ ምኒልክ ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጋር በተፈራረሙት ውል ከ40 ሄክታር የማይበልጥ የንግድ ጣቢያ በባሮ ዳር እንዲቋቋም ፈቀዱ። ክረምት ገብቶ ባሮ ሲሞላ ከካርቱም የሚነሡ የእንፋሎት መርከቦች ጋምቤላ ድረስ ይመጡ ነበር። የምዕራቡ ደጋ ቡና በዚህ ወረደ፤ ጨርቅና ጨው በዚህ ወጣ። ጣቢያው በእንግሊዝ የሱዳን አስተዳደር ሥር ሲተዳደር ኖሮ ወደ ኢትዮጵያ የተመለሰው ሱዳን ነጻ በወጣችበት እ.ኤ.አ. በ1956 ነው።

ነጋዴው በተጓዘበት ውኃ ሰባኪውም ተጓዘ። መጀመሪያ የደረሱት እ.ኤ.አ. በ1858 ፒትስበርግ ላይ የተመሠረተችው የሰሜን አሜሪካ የተባበረች ፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን ሰዎች ናቸው። ይህች ቤተ ክርስቲያን ዘሯ ከስኮትላንድ ነው፤ ከመንግሥት ቤተ ክርስቲያን አፈንግጠው ከወጡ አጥባቂዎች የተወለደች ናት። ባሪያ መያዝን ገና ስትመሠረት ኃጢአት ብላ አውጃለች። የጋምቤላ ሕዝቦች አኝዋና መዠንገር የባሪያ ፈንጋይ ሲሳይ በነበሩበት ምድር ይህ ተራ ነገር አልነበረም። ሌላም ልማድ ነበራት፦ እስከ 1925 እ.ኤ.አ. ድረስ በአምልኮዋ ከመዝሙረ ዳዊት በቀር ሌላ መዝሙር አታዜምም ነበር። ዳዊት ሲደግም ያደገ የጎሬ ካህንና እነዚህ አሜሪካውያን በአንድ ዳስ ውስጥ ቢቀመጡ ከሚጣሉበት ይልቅ የሚግባቡበት ይበዛ ነበር እላለሁ። ዕድሉን አላገኙም።

ሚሲዮኑ ቤተ ክርስቲያኗ ከመመሥረቷ አስቀድሞ፣ ተዋሕደው ከመሠረቷት በአንዷ እጅ፣ እ.ኤ.አ. በ1854 ግብፅ ገባ። እ.ኤ.አ. በ1902 በሶባት ዳር ዶሌብ ሂል በሚባል ሥፍራ ጣቢያ ተከለ፤ ጥቂት ቆይቶም ናሲር ላይ በኑዌር ሕዝብ መካከል ሌላ ጨመረ። እዚያ ይሠራ የነበረው ሐኪም ቶማስ ላምቢ ነው ወደ ኢትዮጵያ የተሻገረው። የኅዳር በሽታ አገሩን በፈጀበት በ1911 ዓ.ም. የሰዮው ገዥ ደጃዝማች ብሩ ወልደ ገብርኤል ጋበዙት። ላምቢም በጋምቤላ አድርጎ ወደ ደምቢ ዶሎ ወጣ።

እንግዲህ ነገሩን ልብ በሉ። ሐኪሙም ሰባኪውም ጋምቤላ ላይ ከመርከብ ወርዶ፣ በበቅሎ ተጭኖ ወደ ደጋው ይነጉዳል። ወደ ሠላሳ ዓመት ገደማ የባሮ ዳር አኝዋ ሲያልፉ ብቻ አያቸው። ያ ዘመን ለደምቢ ዶሎ ግን ፍሬያማ ነበር። በልጅነቱ ፈንጣጣ ዓይኑን ያጠፋው ጊዳዳ ሶላን እዚያ ወንጌል ሰባኪ ሆነ። ጣሊያን አሜሪካኖቹን ሲያስወጣ ምእመናኑን ይዞ የቆየው እሱና ጓደኞቹ ናቸው፤ እ.ኤ.አ. በ1947 የቤቴል ቤተ ክርስቲያንም ከዚህ ተነሥታ ቆመች። የቀድሞው ፕሬዚዳንት ነጋሶ ጊዳዳ የቄስ ጊዳዳ ልጅ ናቸው።

ለቆላው ተራ የደረሰው ከነጻነት በኋላ ነው። በነሐሴ 1936 ዓ.ም. የወጣው የሚሲዮኖች ድንጋጌ አገሩን ለሁለት ከፈለው። የኦርቶዶክስ ምእመን የሚኖርበት ለሚሲዮን ስብከት ተዘጋ፤ ክርስቲያን ያልሆነ ሕዝብ የሚኖርበት ተከፈተ። ማስተማሪያው ቋንቋ አማርኛ እንዲሆንም ታዘዘ። ብልህ ሕግ ነበር ቢባል ሐሰት አይደለም፤ የቤተ ክህነትን ቅሬታ አበረደ፣ ትምህርት ቤትና ክሊኒክም በሌላ ሰው ገንዘብ አሠራ። ሆኖም መንግሥት ጠረፉን ለማስተማር ምን ያህል ቸልተኛ እንደነበረ ይህንን የሚያህል ማስረጃ የለም።

ዶናልድ ማክሉር በዚህ ክፍት በር ገባ። ሱዳን የመጣው እ.ኤ.አ. በ1928 በመምህርነት ነው፤ አስር ዓመት ቆይቶ አኮቦ ላይ ከአኝዋ ጋር መሥራት ጀመረ። በ1940ዎቹ ዓ.ም. ከንጉሠ ነገሥቱ ፈቃድ አግኝቶ ከጋምቤላ ከተማ በታች በባሮ ዳር ፖክዎ ላይ ጣቢያ ተከለ፦ ክሊኒክ፣ ትምህርት ቤት፣ እርሻ። በኋላ ደግሞ በጊሎ ወንዝ ላይ ሌላ። ባልደረባው ሃርቪ ሆክስትራ አዲስ ኪዳንን በአኝዋ ቋንቋ ተረጎመ።

ይህ ከሉተርና ከካልቪን ዘመን የመጣ አሳብ ነው። ምእመን ሁሉ መጽሐፉን በገዛ ቋንቋው ያንብብ ይላል። አውሮፓ ውስጥ አሳቡ ማተሚያ ቤትንና ፊደል ቆጣሪን አባዝቷል፤ ነገሥታትንም አናግቷል። ባሮ ዳር ያፈራው መምህርና ድሬሰር፣ ኋላም የመንግሥት ሹም ነው። ሌላው ከጄኔቫ የመጣው ልማድ ቤተ ክርስቲያንን በጳጳስ ፋንታ በተመረጡ ሽማግሌዎች ማስተዳደር ነው። ጉዳዩን በጉባኤ ለሚጨርስ ሕዝብ ይህን ማስተማር አላስፈለገም። ሆክስትራ በኋላ ወደ ጎደሬ ጫካ፣ ወደ መዠንገሮች ዘለቀ። ማንበብ የሚችል ጥቂት መሆኑን ሲያይ ቃሉን በካሴት ወደ መቅዳት ዞረ፤ ለተሐድሶው ልጅ ከመጽሐፍ ወደ ጆሮ መመለስ ቀላል ውሳኔ አይመስለኝም።

ደርግ መጣ። ቤቴል ከወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ ጋር በተዋሐደች በሦስተኛው ዓመት፣ መጋቢት 18 ቀን 1969 ዓ.ም.፣ ማክሉር ጎዴ ላይ በሶማሌ ሸማቂዎች ተገደለ። የመካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ ቄስ ጉዲና ቱምሳ ደግሞ በሐምሌ 1971 ታፍነው ተገደሉ። ሚሲዮናውያኑ ወጡ፤ በጋምቤላም አብያተ ክርስቲያናት ተዘጉ። እምነቱ ግን ልክ በጣሊያን ጊዜ ደምቢ ዶሎ ላይ እንደሆነው ፈረንጅ ሲለቅ ሰፋ። ከሱዳን ጦርነት ሸሽቶ ኢታንግ መጠለያ የገባው ኑዌርም ቤተ ክርስቲያኑን ይዞ መጣ።

አኝዋንና ኑዌርን ዘመዳሞች ያደርጋል ተብሎ የተጠበቀው እምነት ግን አጥሩን አላፈረሰም። መካነ ኢየሱስ ዛሬ በክልሉ አኝዋ የሚበዛበት የምሥራቅ ጋምቤላ፣ ኑዌር የሚበዛበት የምዕራብ ጋምቤላ ቤቴል ሲኖዶስ አላት። የመሬትና የሥልጣን ሽኩቻው ከቤተ ክርስቲያኑ ግቢም ገብቷል ማለት ነው። ታኅሣሥ 3 ቀን 1996 ዓ.ም. በጋምቤላ ከተማ በአኝዋ ላይ ግድያ ሲፈጸም ከገዳዮቹም ከሟቾቹም ወገን የተጠመቀ ሰው ነበር።

ካቶሊኮች ዘግይተው፣ በትምህርት ቤትና በጤና ሥራ መጡ። የጋምቤላው ጳጳስ ጣሊያናዊው አንጄሎ ሞሬስኪ በመጋቢት 2012 ዓ.ም. ብሬሻ ላይ በኮሮና አረፉ፤ በወረርሽኙ ከሞቱት የካቶሊክ ጳጳሳት የመጀመሪያው ናቸው።

በዚህ መካከል ፒትስበርግ ላይ የተጀመረው ቤት ሳስቷል። ከሌሎች ጋር እየተዋሐደ እ.ኤ.አ. በ1983 የአሜሪካ ፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን በሚል ስም ሲደራጅ ከ3 ሚሊዮን በላይ አባላት ነበሩት፤ ዛሬ የዚያ ግማሽ እንኳ የሉትም። በኔብራስካና በሚኔሶታ ከሚሰበሰቡት ጉባኤዎች መካከል በኑዌርኛና በአኝዋ ቋንቋ የሚያመልኩ አሉ፤ መሥራቾቻቸው ከጋምቤላና ከደቡብ ሱዳን በስደት የሄዱ ምእመናን ናቸው።