የሕዝብ እግረኛ መንገዶች ጥገና ኃላፊነት በሸዋ ሮቢትና በይፋት ቆላ

የመጠገን ኃላፊነት እንደ መንገዱ ደረጃ ይለያያል። ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚወስደውና ሸዋ ሮቢትን የሚያቋርጠው አስፋልት የፌዴራል መንገድ ስለሆነ ጥገናው የኢትዮጵያ መንገዶች አስተዳደር ድርሻ ነው። የከተማው የውስጥ መንገዶች የማዘጋጃ ቤቱ፣ የይፋት ቆላ የገጠር መንገዶች ደግሞ የክልሉና የወረዳዎች ኃላፊነት ናቸው።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1446 መንገዶችን ከሕዝብ አገልግሎት ሀብቶች ይቆጥራል። በአንቀጽ 1455 መሠረትም እንዲህ ባለው ሀብት ላይ በረጅም ጊዜ ይዞታ ባለቤትነት አይገኝም። ስለዚህ ወደ ገበያ ወይም ወደ ወንዝ የሚያደርስን የሕዝብ መንገድ ያጠረ ወይም ያረሰ ሰው ዓመታት ቢያልፉም መብት አይኖረውም።

በመንግሥት ሠራተኛ የሥራ ጥፋት ጉዳት የደረሰበት እግረኛ በአንቀጽ 2126 መሠረት ከመንግሥት ካሳ መጠየቅ ይችላል። አቤቱታ አቅራቢው አስቀድሞ የመንገዱን ደረጃ ቢያረጋግጥ ጉዳዩ በቀጥታ ለሚመለከተው አካል ይደርሳል።