ድሬዳዋ ስትመርጥ፦ የእጩነት ደጃፍ

በመስከረም 1950 ዓ.ም. ኢትዮጵያውያን ለመጀመሪያ ጊዜ ወኪሎቻቸውን በድምፃቸው መርጠው ወደ ሕግ መምሪያ ምክር ቤት ላኩ። በ1923ቱ ሕገ መንግሥት መራጮቹ መኳንንቱና ሹማምንቱ ነበሩ። በ1948 የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ግን 21 ዓመት ለሞላው ሁሉ፣ ለወንዱም ለሴቷም፣ ድምፅ ፈቀደ። ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ፓርላማ የገቡ የመጀመሪያዋ ሴት የሆኑት በዚያው ምርጫ ነው።

መምረጥ ለሁሉም ቢፈቀድም መመረጥ ግን ለሁሉም አልነበረም። እጩው 25 ዓመት ሊሞላው፣ በሚወዳደርበት ወረዳ የሚኖር ሊሆን፣ እዚያው የ1,000 ብር የማይንቀሳቀስ ወይም የ2,000 ብር የሚንቀሳቀስ ንብረት ሊኖረው ይገባ ነበር። ይህ ሕግ በሐረርጌ ጠቅላይ ግዛት፣ ድሬዳዋ ባለችበት በኢሳና ጉርጉራ አውራጃ ሲተገበር ማንን እንደሚያስቀር ማየት አያዳግትም።

በኩባንያ ቤት የሚኖረውን የምድር ባቡር ሠራተኛ እናስብ። ሎኮሞቲቭ ይጠግናል፣ የከተማዋ ሕልውና በእጁ ነው፤ በስሙ የተመዘገበ ቤት ግን የለውም። ከሐዲዱ ወዲያ ያለው አርብቶ አደርስ? የዚያው ሕገ መንግሥት 130ኛ አንቀጽ በግለሰብ ስም ያልተያዘ የግጦሽ መሬት የመንግሥት ነው ስለሚል፣ አያት ቅድመ አያቱ ከብት ያሰማሩበት ሜዳ ንብረቱ ሆኖ አይቆጠርለትም። የሚቀሩለት ግመሎቹና ከብቶቹ ናቸው፤ እነሱም ድርቅ ሲመጣ የሚያልቁ። ከከተማዋ የመጋላ ሰፈር ነጋዴዎች መካከል ግሪኩ፣ አርመኑ፣ ህንዱና ዐረቡ ሀብቱ ቢኖራቸውም ሕጉ በትውልድ ኢትዮጵያዊ መሆንን ይጠይቃል። እንግዲህ ለመወዳደር የሚተርፈው የሚያከራየው ቤትና ሱቅ ያለው ጥቂት ሰው ነው። ፓርቲም ስላልነበረ ድሃውን እጩ ከኋላው ሆኖ የሚያቆመው ወገን አልነበረም። የዚያ ዘመን ምርጫ ትልቁ ጉድለት እዚህ ላይ ነው እላለሁ፤ ኮሮጆው ከመከፈቱ በፊት አብዛኛው ሰው ከውድድሩ ወጥቷል።

እንዲህ ያለው ምርጫ በየአራት ዓመቱ እስከ 1965 ድረስ አምስት ጊዜ ተካሄደ። ከዚያ ሥልጣን የያዘው ደርግ ፓርላማውን ዘጋ። በሰኔ 1979 ለብሔራዊ ሸንጎ 835 ወንበሮች ምርጫ ሲደረግ የንብረቱ ሕግ ቀርቶ በምትኩ የገዢው ፓርቲ የኢሠፓ ፈቃድ መጣ። በቀጣዩ ዓመት ድሬዳዋ ከአምስቱ ራስ ገዞች አንዷ ሆነች። ራስ ገዝነቱ ብዙም አልቆየም። በሽግግሩ ዘመን ኦሮሚያም ሶማሌም ይገባኛል ስላሏት ተጠሪነቷ ለፌዴራሉ መንግሥት ሆነ። ቻርተሯን ያገኘችው በ1996 ነው።

ከዚያ ወዲህ በከተማዋ አፍ ላይ የማይጠፋው ቁጥር 40-40-20 ነው፦ ከሥልጣኑ 40 በመቶ ለኦሮሞ፣ 40 በመቶ ለሶማሌ፣ 20 በመቶ ለሌሎች። በቻርተሩ ያልተጻፈ፣ ገዢ ፓርቲዎች የተስማሙበት ድልድል ነው። የ1999ኙ ቆጠራ ኦሮሞን 46፣ ሶማሌን 24፣ አማራን 20 በመቶ ገደማ አድርጎ መዝግቧል። ድልድሉ የተሠራው ሰላም ለማስጠበቅ ነው የሚሉ አሉ፤ ክርክራቸውን አልንቅም። ነገር ግን ሕዝብ ከመምረጡ በፊት የሥልጣኑ ድርሻ ተከፋፍሎ ካለቀ፣ መራጩ በንብረቱ ሕግ ዘመን ከነበረበት ብዙም አልራቀም። በ2010 እና 2011 ወጣቶች አደባባይ ወጥተው የተቃወሙትም ይህንኑ ነበር።

በዚህ ሁሉ ሙግት ገጠሩ ይረሳል። በ1999ኙ ቆጠራ ከ341,834ቱ ነዋሪ 108,610 ያህሉ የገጠር ሰው ነበር፤ ከሦስት አንድ ማለት ነው። ከዚህ ገጠር አንዷ የሆነችው ጀልዴሳ ባቡሩ ሳይመጣ በፊት የዘይላና የሐረር ሲራራ ነጋዴ ቀረጥ የሚከፍልባት በር ነበረች፤ ሐዲዱ ንግዷን ወደ ድሬዳዋ ወሰደባት። ዛሬ ድሬዳዋ ከነገጠሯ በተወካዮች ምክር ቤት ሁለት ወንበር አላት። የምርጫ ክርክሩ በከተማዋ ሰፈሮች በከዚራና በመጋላ ቋንቋ፣ ስለ ሹመትና ስለ መቶኛ ሲሆን፣ የገጠሮቹ የጀልዴሳ፣ የዋሂል፣ የቢዮ አዋሌና የአሰሊሶ መራጭ ግን ስለ ውሃና ስለ ማሽላው የሚጠይቀው እጩ ይፈልጋል።