መርፌው አዲስ ነው፤ ቀለሙስ? ታቱ ከመነቀሳችሁ በፊትና በኋላ ማወቅ ያለባችሁ

ንቅሳት ለእኛ አዲስ አይደለም። ብዙ እናቶቻችንና አያቶቻችን አንገታቸውን፣ ግንባራቸውን፣ ድዳቸውን በጥላሸትና በእሾህ ተነቅሰዋል። ዛሬ እሾሁ በማሽን፣ ጥላሸቱም በጠርሙስ ቀለም ተተክቷል። ነገሩ ግን ያው ነው፦ ቆዳ ይበሳል፣ ባዕድ ነገር ይገባል፣ እዚያው ይቀራል።

አብዛኞቻችን ልንነቀስ ስንሄድ "መርፌው አዲስ ነው?" ብለን እንጠይቃለን። ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ግን ብቻውን አይበቃም። ስለ ቀለሙም መጠየቅ አለብን።

ቀለሙ ለምን ያሳስባል?

መርፌው ቀለሙን ከ1 እስከ 2 ሚሊሜትር ጥልቀት፣ የደም ሥር ያለበት የቆዳ ክፍል ድረስ ያስገባዋል። ቀለሙ ውስጥ ጀርም ካለ የመርፌው አዲስነት አያድናችሁም።

በፈረንጆቹ 2011 መጨረሻ አሜሪካ፣ ሮቼስተር ኒውዮርክ ውስጥ አንድ ነቃሽ ጋ የተነቀሱ 19 ሰዎች ቆዳቸው ላይ አልጠፋ ያለ ሽፍታ ወጣባቸው። ሲጣራ ምንጩ ቀድሞ በውሃ ቀጥኖ የመጣ ግራጫ ቀለም ሆኖ ተገኘ። ባክቴሪያው ገና ያልተከፈተ ጠርሙስ ውስጥ ሳይቀር ነበር።

ኬሚካሉም ሌላ ጉዳይ ነው። የአውሮፓ ኅብረት ከጃንዋሪ 2022 ጀምሮ በንቅሳት ቀለም ውስጥ ከ4,000 በላይ ኬሚካሎችን አግዷል ወይም መጠናቸውን ገድቧል። አለርጂ በብዛት የሚያስነሳው ደግሞ ቀይ ቀለም ነው።

ከመቀመጣችሁ በፊት እነዚህን እዩ

1. ጠርሙሱ ላይ የአምራቹ ስም፣ የምርት ቁጥርና የሚያበቃበት ቀን ይኑር። ፎቶ አንሱት፤ ችግር ቢመጣ ሐኪሙን ይረዳዋል። የስክሪብቶና የፕሪንተር ቀለም በጭራሽ!

2. ቀለሙ ለእናንተ ብቻ በአዲስ ትንሽ ኩባያ ይቀዳ። የተረፈው ይደፋል እንጂ ወደ ጠርሙሱ አይመለስም።

3. ቀለም በቧንቧ ውሃም በሃይላንድ ውሃም አይቀጥንም። ውሃው ይጠጣል ማለት ከጀርም ነፃ ነው ማለት አይደለም።

4. መርፌው እያያችሁ ከማሸጊያው ይውጣ። በአልኮል የተጠረገ፣ በላይተር የተለበለበ ወይም የተቀቀለ መርፌ አትቀበሉ።

5. ነቃሹ በመሃል ስልክ ከነካ ጓንቱን ይቀይር። ቅር ካለው ተነስታችሁ ውጡ።

ክትባቱን ወስዳችኋል?

የሄፓታይተስ ቢ ቫይረስ ከሰውነት ውጭ ቢያንስ 7 ቀን መቆየት ይችላል። በሀገራችን ክትባቱ ለሕፃናት በመደበኛነት መሰጠት የጀመረው በ1999 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት ከተወለዳችሁ በልጅነታችሁ አልወሰዳችሁት ይሆናል። ቀድማችሁ ተመርመሩ፤ ቫይረሱ ከሌለባችሁ ተከተቡ። ለአዋቂ ብዙ ጊዜ በ6 ወር ውስጥ 3 ጊዜ ይሰጣል።

ጠባሳችሁ የሚያብጥና የሚያድግ (ኬሎይድ) ከሆነም ደግማችሁ አስቡበት። ንቅሳቱም ሊያብጥ ይችላል።

ከተነቀሳችሁ በኋላ

አዲስ ታቱ ቁስል ነው። ነቃሹ በነገራችሁ ሰዓት ሽፋኑን አንሱት። መጀመሪያ እጃችሁን ታጠቡ፤ ከዚያ ቦታውን ለብ ባለ ውሃና ሽታ በሌለው ሳሙና በቀስታ እጠቡ። በፎጣ አትሹት፤ በንጹህ ሶፍት ጫን ጫን እያደረጋችሁ አድርቁ። ሽታ የሌለው ቅባት በስሱ ይበቃል፤ ቫዝሊን መለሰን አያስፈልግም።

ቅቤ፣ የቡና ዱቄት፣ ኮልጌት አታድርጉበት። ቅርፊቱን አትላጡ፤ ቢያሳክካችሁም አትከኩት። የላይኛው ቆዳ እስኪድን ከ2 እስከ 3 ሳምንት ይፈጃል፤ እስከዚያ ዋናና ስቲም ይቅርባችሁ፤ ከፀሐይም በልብስ ሸፍኑት።

መቼ ነው የሚያሰጋው?

በመጀመሪያዎቹ ቀናት መቅላትና ትንሽ ማበጥ ያለ ነው። ቅላቱ እየሰፋ ከሄደ፣ ሕመሙ ከቀን ወደ ቀን ከባሰ፣ መግል ከያዘ ወይም ካተኮሳችሁ ግን ጤና ጣቢያ ሂዱ። ከሳምንታት በኋላ ትናንሽ እብጠት ቢወጣም እንደዚያው። ከፋርማሲ አሞክሳሲሊን ገዝታችሁ አትዋጡ፤ ሮቼስተር ላይ የታየውን ዓይነት ባክቴሪያ አያጠፋውም፤ ጊዜ ብቻ ያባክንባችኋል።

ሌላ ሰው የተነቀሰበት መርፌ እንደነካችሁ ከጠረጠራችሁ ነገ ዛሬ አትበሉ። ኤችአይቪን የሚከላከለው መድኃኒት መጀመር ያለበት በ72 ሰዓት ውስጥ ነው፤ በፈጠነ ቁጥር ይሻላል። አፍራችሁ ቤት አትቀመጡ። ሐኪሙ የሚፈልገው መቼና በምን እንደተነቀሳችሁ ማወቅ ነው።

ሊነቀስ ያሰበ ጓደኛ ካላችሁ ቀጠሮው ሳይደርስ ሼር አድርጉለት።