«እሬት» እና «አሎቬራ»፦ የስም ጉዳይ ብቻ አይደለም

በቄራ ሱቆች በሚሸጡ ሳሙናዎችና ቅባቶች ላይ «አሎቬራ» የሚለውን ስም ማንበብ የተለመደ ነው፤ ታካሚዎቻችን ግን «እሬት» ይሉታል። «ቬራ» በላቲን «እውነተኛ» ማለት ሲሆን፣ የሆላንዱ የዕፅዋት ሊቅ ቡርማን «አሎቬራ»ን የአንድ ዝርያ መጠሪያ ያደረገው እ.ኤ.አ. በ1768 ነው። በአማርኛ ግን እሬት የብዙ ዝርያዎች የወል ስም፣ የምሬትም ምሳሌ ነው፤ እናቶች ጡት ለማስጣል የሚቀቡትም ስለ ምሬቱ ነው።

መራራው ከቅጠሉ ልጣጭ ሥር የሚወጣው ቢጫ ፈሳሽ ሲሆን፣ ሆድን በብርቱ ያስቀምጣል። የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር እ.ኤ.አ. በ2002 ያለ ሐኪም ማዘዣ ለማስቀመጫነት እንዳይሸጥ ወስኗል። ለቆዳ የሚውለው በቅጠሉ መሐል ያለው ጥርት ያለ ዝልግልግ ነው።

ስለዚህ ታካሚ፣ ይልቁንም ነፍሰ ጡር፣ «እሬት እወስዳለሁ» ስትለን «የሚቀባውን ወይስ የሚጠጣውን?» ብለን እንጠይቅ።